ጌም ላይ የሚመጣውን ማስታወቂያ ማስቀረት፦ የትኛው መንገድ ለማን ይሻላል?

ከሦስት ሳምንት በፊት፣ እሁድ ከሰዓት፣ አዘዞ እህቴ ቤት ቡና እየተፈላ ነበር። የሰባት ዓመቱ ልጇ ስልኳን ይዞ ጥግ ላይ ተቀምጧል። ኳሶችን በቀለም በቀለማቸው የሚደረድር ጌም ነው የሚጫወተው። አንድ ደረጃ ባለፈ ቁጥር ማስታወቂያ ስክሪኑን ይሸፍነዋል። ልጁ መዝጊያዋን ኤክስ ይፈልጋል። ኤክሷ ከጤፍ ቅንጣት ብዙም አትበልጥ። ሊነካት ሲሞክር ይስታታል፣ ፕሌይ ስቶር ይከፈታል። ይመለሳል፣ ደግሞ ይስታታል። በመጨረሻ "አጎቴ፣ አልዘጋ አለኝ" ብሎ ስልኩን አመጣልኝ። ስቀበለው የቁማር ማስታወቂያ ነበር። ለሰባት ዓመት ልጅ!

እህቴ ከረከቦቱ ቀና ብላ፣ "የጠዋቱ ፓኬጅ እኮ ለምሳ አይደርስም። ማን እንደሚበላው እንጃ" አለች። ሴቲንግ ገብተን የዳታ አጠቃቀሙን ከፈትን። አንደኛ ቴሌግራም፣ ሁለተኛ ያ ጌም። ጌሙ ለመጫወቻ ኢንተርኔት አያስፈልገውም። ዳታውን ሲበላ የኖረው ማስታወቂያው ነው።

ከዚያ ቀን ወዲህ ያሉትን መንገዶች በእኔ፣ በእህቴና በአክስቴ ልጅ ስልክ ላይ እየሞከርኩ ነው። አንዳንዱ በነጻ ነው። አንዳንዱ ዶላር ይጠይቃል። አንዱን ግን እንዳትነኩት እለምናችኋለሁ።

ከሁሉ በፊት አንድ ሙከራ

ዳታውንም ዋይፋዩንም አጥፉና ጌሙን ክፈቱ። ከሠራ ነገሩ ቀላል ነው፤ አንድ ብር ሳታወጡ ትገላገላላችሁ። እንደ ሰብዌይ ሰርፈርስ ያሉ የሩጫ ጌሞች፣ አብዛኞቹ የእንቆቅልሽና የቃላት ጌሞች እዚህ ውስጥ ይገባሉ። "ኢንተርኔት የለም" ብሎ አልገባም ካለ ደግሞ እንደ ፐብጂና ፍሪ ፋየር ያለ፣ ከሌላ ሰው ጋር የሚጫወቱት ጌም ነው። ለእሱ ሌላ መፍትሔ ያስፈልጋል።

ይህን ጎንደር ላይ ብዙዎቻችን ሳንፈልግ ነው የተማርነው። በ2015 ዓ.ም. መጨረሻ ገደማ በክልሉ የሞባይል ኢንተርኔት ሲቋረጥ፣ ስልካችን ላይ የቀረን ያለ ኢንተርኔት የሚሠራው ብቻ ነበር። ያኔ ጌሞቹ ጸጥ አሉ። ማስታወቂያ የሚባል ነገር ጠፋ። ምክንያቱም ማስታወቂያው ከጌሙ ጋር አብሮ ተጭኖ አይመጣም። እንደ ጎግል አድሞብና ዩኒቲ አድስ ካሉ የማስታወቂያ አገልግሎቶች በየጊዜው በኢንተርኔት ይወርዳል። መንገዱ ከተዘጋ የሚመጣ ነገር የለም። አልፎ አልፎ ቀድሞ የወረደ አንድ ሁለት ማስታወቂያ ብቅ ሊል ይችላል፤ እሱም ወዲያው ያልቃል።

ዳታ ማጥፋት ወይስ ጌሙን ብቻ መቁረጥ?

ኤርፕሌን ሞድ ማብራት የሁሉም አባት ነው። ነጻ ነው፣ የሚጫን ነገር የለውም፣ በየትኛውም ስልክ ይሠራል። ከአዘዞ ፒያሳ ታክሲ ውስጥ ተቀምጦ ለሚጫወት ሰው ከዚህ የተሻለ የለም። ግን ስልክ ቢደወልላችሁ አይገባም። ስለዚህ ኤርፕሌን ሞዱን ትታችሁ ዳታውን ብቻ ብታጠፉ ይሻላል። ያም ሆኖ ቴሌግራም አብሮ ይቆማል። እናት ስልኳን ለልጇ ሰጥታ መልእክት የምትጠብቅ ከሆነ ይህ አያዋጣትም።

ለእሷ የሚሻለው ጌሙን ብቻ ከኢንተርኔት መቁረጥ ነው። አይፎን ከሆነ ሴቲንግ ውስጥ ሴሉላር የሚለውን ከፍታችሁ ወደ ታች ውረዱ። የአፖቹ ስም ተደርድሯል፤ የጌሙን አጥፉ። ይህ የሲም ዳታውን እንጂ ዋይፋዩን አይዘጋም። ሬድሚ ላይ ሴኩሪቲ በሚለው አፕ ውስጥ፣ ዳታ ዩሴጅ ስር፣ ለእያንዳንዱ አፕ ዳታንም ዋይፋይንም ለየብቻ መከልከል ይቻላል። "ዳታ ሴቨር" የሚለውን ግን አትመኑ። እሱ የሚገድበው ከጀርባ የሚሠራውን አፕ ነው። ጌሙን ከፍታችሁ እየተጫወታችሁ ከሆነ ማስታወቂያው ይመጣል።

ስልካችሁ ላይ እንዲህ ያለ መቆጣጠሪያ ካጣችሁ ኔትጋርድ የሚባል አፕ አለ። ነጻ ነው፣ ፕሌይ ስቶር ላይም ይገኛል፣ ሩት ማድረግ፣ ማለትም የስልኩን ሲስተም ቁልፍ መክፈት፣ አያስፈልገውም። የአፖች ዝርዝር ያሳያችኋል። ከጌሙ ስም አጠገብ የዋይፋይና የዳታ ምልክት አለ። ሁለቱንም ነካ ነካ ስታደርጉ ቀለማቸው ይቀየራል። አለቀ። ለእህቴ ስልክ የመረጥኩት ይህንን ነው። ቡናው ሦስተኛው ላይ ሳይደርስ ጨረስኩት።

ሁለት ነገር ግን ማወቅ አለባችሁ። ኔትጋርድ ስልኩ ውስጥ እንደ ቪፒኤን ሆኖ፣ ማለትም የአፖቹን ኢንተርኔት በራሱ በኩል እያሳለፈ፣ ነው የሚሠራው። አንድሮይድ ደግሞ ሁለት ቪፒኤን በአንድ ጊዜ አይፈቅድም። ሌላ ቪፒኤን ካበራችሁ ኔትጋርድ ይጠፋል። ሁለተኛው፣ "ማስታወቂያ አይተህ ሳንቲም ውሰድ" የሚለው ሽልማትም አብሮ ይቀራል። የእህቴ ልጅ በሁለተኛው ቀን ደውሎ የጠየቀኝ ይህንኑ ነው። "አጎቴ፣ ፍንጭ የሚሰጠው ቁልፍ ለምን እምቢ አለ?" ልጅ ላለው ቤት ይህ ኪሳራ ነው ብዬ አላምንም። በሽልማት እየተሳበ ሠላሳ ሠላሳ ሰከንድ ማስታወቂያ የሚያየው እሱ ነበርና።

ፕራይቬት ዲኤንኤስ፦ ኢንተርኔት ሳይጠፋ

ይህ ለእኔ ትልቁ ግኝት ነው። አንድሮይድ 9፣ እ.ኤ.አ. በ2018 የወጣው፣ ይዞት የመጣ ቅንብር ነው። ከዚያ ወዲህ በወጡት ሁሉ አለ።

አሠራሩ እንዲህ ነው። ሰው ፒያሳ ቆሞ "የእገሌ ቤት በየት ነው?" ብሎ እንደሚጠይቀው፣ ስልካችሁም አንድ ሰርቨር ጋ ከመሄዱ በፊት አድራሻውን ዲኤንኤስ የሚባለውን ይጠይቃል። እንደ አድጋርድ ዲኤንኤስ ያለው አገልግሎት የማስታወቂያ ሰርቨሮችን ስም ዝርዝር ይዟል። ስልኩ የእነሱን ቤት ሲጠይቅ አያሳየውም። የሌላውን ሁሉ ያሳየዋል። ስለዚህ ቴሌግራሙም ጌሙም ይሠራል፣ ማስታወቂያው ግን መንገድ ያጣል።

የሚጫን አፕ የለም። በነጻ ነው። ሴቲንግ፣ ቀጥሎ ኔትወርክ፣ ቀጥሎ ፕራይቬት ዲኤንኤስ። በአንዳንድ ስልክ "ተጨማሪ ግንኙነቶች" ውስጥ ተደብቆ ታገኙታላችሁ። ሦስተኛውን ምርጫ ይዛችሁ አድራሻውን ከአድጋርድ ከራሱ ድረ ገጽ ገልብጣችሁ ለጥፉ። አንድ ፊደል ከተሳሳተ አይሠራም። አይፎን ላይ ይህ ቦታ የለም፤ እዚያ ፕሮፋይል የሚባል ፋይል አውርዶ መጫን ነው፣ እሱንም አድጋርድ ያቀርባል።

ድክመቱን በራሴ ላይ አይቼዋለሁ። አንድ ካፌ ገብቼ ዋይፋይ ስገናኝ ምንም አልከፍት አለኝ። ቴሌግራም የለም፣ ጎግል የለም። የካፌው ኔትወርክ መስሎኝ አስተናጋጇን ሁለት ጊዜ ጠራኋት። ከጎኔ የተቀመጠው ልጅ ግን ቪዲዮ እያየ ነው። ችግሩ የእኔው ቅንብር ነበር፦ የካፌው ዋይፋይ ዲኤንኤሴን አላሳልፍ ብሎታል። ወደ "አውቶማቲክ" ስመልሰው ወዲያው ሠራ። እንዲህ ሲገጥማችሁ ስልኩ ተበላሸ ብላችሁ እንዳትደነግጡ። ይህን ቅንብር ለእናቶቻችን ስልክ ስናስተካክል መመለሻውንም አብረን እናሳያቸው።

ሁሉንም ማስታወቂያም አያስቀርም። ጌሙ ስትገቡ ራሱ የሚዘረጋው "አዲስ ልብስ ግዙ" የሚል ሰሌዳ ከጌሙ ከራሱ ሰርቨር የሚመጣ ነው። ያን ከዘጋችሁ ጌሙም ይዘጋል። ዩቲዩብ ላይም በዚሁ ምክንያት አይሠራም።

ማገጃ አፖች

አድጋርድና ብሎካዳ በስፋት የሚታወቁ ናቸው። አድጋርድ ከዲኤንኤሱ የበለጠ ያጣራል፤ የትኛው አፕ ምን እንደጠየቀም ያሳያል። ነገር ግን ጎግል አንድ አፕ የሌላውን አፕ ማስታወቂያ እንዲከለክል ስለማይፈቅድ፣ ሙሉው አድጋርድ ፕሌይ ስቶር ላይ የለም። ከራሱ ድረ ገጽ ነው የሚወርደው። በነጻው የሚሠራው ብራውዘር ላይ ነው። አፖች ውስጥ ያለውን ማስታወቂያ ለማገድ ክፍያ ይጠይቃል። ቪፒኤን የመሆን ጣጣውም እንደ ኔትጋርድ ነው። ለብዙ ሰው ፕራይቬት ዲኤንኤሱ ይበቃል ባይ ነኝ።

ከፍሎ ማስወገድ

"ሪሙቭ አድስ" የሚለውን መግዛት ከሁሉም ንጹሁ መንገድ ነው። ብዙውን ጊዜ ከ2 እስከ 5 ዶላር፣ አንዴ ከፍሎ መገላገል ነው። ጌሙን የሠሩት ሰዎች እንጀራቸው ይህ ነው። የምንወደውን ጌም ለሠራ ሰው መክፈል ደስ የሚል ነገር ነው።

ችግሩ አከፋፈሉ ላይ ነው። ለብር ሂሳብ የተሰጠኝ ኤቲኤም ካርዴ ፕሌይ ስቶር ላይ አልሠራልኝም። ዓለም አቀፍ ክፍያ የሚፈቅድ ካርድ ያስፈልጋል። ከባንካችሁ ቀድማችሁ ጠይቁ። "አሜሪካ ያለው ወንድሜ የጎግል ፕሌይ ስጦታ ካርድ ይልክልኛል" ለምትሉ፦ ካርዱ የሚሠራው በተገዛበት አገር በተመዘገበ አካውንት ብቻ ነው። ጎንደር ሆናችሁ የአሜሪካ ካርድ ብታስገቡ አይቀበላችሁም። ይህን ሳያውቅ 10 ዶላር ያስላከ ሰው አውቃለሁ።

ከመክፈላችሁ በፊት ጽሑፉን አንብቡ። አንዳንዱ ክፍያ በደረጃ መሀል የሚመጣውን ብቻ ያስቀራል። አንዳንዱ በየሳምንቱ የሚቆርጥ ምዝገባ ነው፤ ለጌም ይህ አይመከርም። የገዛችሁት ከጎግል አካውንታችሁ ጋር ስለሚያያዝ ስልክ ብትቀይሩ በዚያው አካውንት ይመለሳል። ፓስወርዳችሁን አትርሱ።

ከመጀመሪያው ማስታወቂያ የሌለውን መምረጥ

ፕሌይ ስቶር ላይ ጌም ስትከፍቱ ከስሙ ስር በትንሹ "ኮንቴይንስ አድስ" ተብሎ ይጻፋል። ያ ከሌለ የሌላ ድርጅት ማስታወቂያ የለበትም ማለት ነው። ቼዝ ለሚወድ ሊቼስ አለ፤ ከ2010 እ.ኤ.አ. ጀምሮ በነጻ፣ ያለ አንድ ማስታወቂያ፣ በሰዎች መዋጮ የሚኖር ነው። የሳይመን ታተም የእንቆቅልሽ ስብስብ ከ30 በላይ ጌሞች በአንድ ትንሽ አፕ ይዟል፣ ያለ ኢንተርኔት ይሠራል። ውጊያና ጀብዱ ለሚፈልግ ሻተርድ ፒክስል ደንጀንን እጠቁማለሁ። መልካቸው እንደ ሌሎቹ አያብረቀርቅም። ግን ተጫውታችሁ ስትጨርሱ ፓኬጃችሁ እንዳለ ነው።

ይህን አትንኩት

"ማስታወቂያ የሌለው፣ ሳንቲሙ የማያልቅ" ተብሎ በቴሌግራም የሚዞረውና ከስልክ ወደ ስልክ በዜንደር የሚተላለፈው፣ ሌላ ሰው የነካካው የተቀየረ ኤፒኬ (የአንድሮይድ አፕ መጫኛ ፋይል)። የአክስቴ ልጅ አንዱን ስልክ ቤት አስጭኖ መጣ። ሁለት ቀን ሠራለት። በሦስተኛው ቀን ጌሙ ሳይከፈት፣ ስልኩ ገና ሲበራ፣ ማስታወቂያ መውጣት ጀመረ። አፑን ሲፈልገው ስሙና ምልክቱ ተቀይሯል። ፎቶውን ሁሉ አጥቶ ፎርማት አስደረገው። ይህም ቀላሉ ጉዳት ነው። ቴሌብራችንና የባንክ አፓችን በዚያው ስልክ ላይ ነው። የማረጋገጫ ቁጥሩም በዚያው ይመጣል። ኤስኤምኤስ የማንበብ ፈቃድ የሚጠይቅ ጌም ካያችሁ ወዲያው አጥፉት።

ሌላ ብዙ ሰው የሚሳሳትበት ነገር አለ። ሴቲንግ ውስጥ "የማስታወቂያ መለያ ሰርዝ" የሚለው ወይም አይፎን ላይ "እንዳይከታተለኝ" የሚለው ማስታወቂያውን አይቀንስም። ስለ እናንተ የሚያውቁትን ነው የሚቀንሰው። ለዚያ ጥሩ ነው፣ አብሩት፤ ለጌሙ ግን ለውጥ አትጠብቁ።

አሁን የእህቴ ስልክ ላይ ኔትጋርድ አለ። የእኔ ላይ ፕራይቬት ዲኤንኤስ። የአክስቴ ልጅ ፐብጂ ተጫዋች ስለሆነ እሱም ዲኤንኤሱን ይዟል፤ ጌሙ ከዘገየበት ለጨዋታው ብቻ ወደ አውቶማቲክ ይመልሰዋል። ባለፈው ዓርብ ማታ እህቴ ደወለችልኝ። ሦስት ሰዓት ሆኗል። "የጠዋቱ ፓኬጅ አሁንም አለ" አለችኝ።