አፈር ለተደገፈው ግድግዳችን የቀባነው ውሃ መከላከያ፦ ከስምንት ወር በኋላ

ቤታችን ደሴ ውስጥ፣ ከጦሳ ተራራ ግርጌ፣ ዳገቱ ተቆርጦ የተሠራ በመሆኑ የጓዳ መኝታ ቤቱ የድንጋይ ግድግዳ ከወለሉ እስከ ወገብ ድረስ አፈር የተደገፈ ነው። ክረምት በገባ ቁጥር ቀለሙ ያብጣል፣ ይላጣል፣ ከሥሩም ነጭ ዱቄት ይወጣል። ብዙዎች ሻጋታ ይመስላቸዋል እንጂ ውሃው ከአፈሩና ከሲሚንቶው አሟሙቶ ያመጣው፣ ሲተን ግን ትቶት የሚሄደው ጨው ነው። በየዓመቱ ለመስቀል ቀለም ማደስ ስለሰለቸን፣ ባለፈው ግንቦት፣ የበልጉ ዝናብ ካባራ በኋላ፣ ግራጫ ዱቄትና ወተት የመሰለ ፈሳሽ ተቀላቅሎ በብሩሽ የሚቀባውን ሲሚንቶ ያለበት መከላከያ ገዛን።

ሥራው የቀለም ቅብ ያህል ቀላል አልነበረም። የድሮው ቀለምና ስቱኮ እስከ ልስኑ ድረስ ተፋቀ፤ ስንጥቆቹ በመሮ ሰፍተው በሲሚንቶ ተሞሉ፤ ግድግዳው በውሃ ከራሰ በኋላ የመጀመሪያው ቅብ አግድም፣ በማግስቱ ሁለተኛው ቁልቁል ተቀባ። ቅሬታዬ እዚህ ላይ ነው፦ በከረጢቱ ላይ የተጻፈው የካሬ ሜትር ስሌት ለለስላሳ ግድግዳ እንጂ ለእኛ ሻካራ ልስን አይሠራም፤ በሁለት ከረጢት ያልቃል የተባለው ሦስተኛ አስገዛን።

ሐምሌና ነሐሴ ሌሊቱን ሙሉ ሲዘንብ አድሮ ጠዋት መዳፌን ባስደግፍበት ግድግዳው ደረቅ ነበር፤ የቁም ሳጥኑ ሽታም ጠፋ። ከማብሪያ ማጥፊያው ሥር ብቻ የሳንቲም ስፋት ያላት እብጠት ታየች። በምስማር ብወጋት ጠብታ ውሃ ወጣ፤ የተላጠውን ቅብ ብገለብጠው ከጀርባው የድሮው አረንጓዴ ቀለም ተጣብቋል። ቀቢው አንድ ጣት ያህል ሳይፍቅ አልፎ ኖሯል።

ታኅሣሥ ላይ፣ ብርዱ ሲጠና፣ ግድግዳው እንደገና አላበውና ደነገጥሁ። ቁራጭ ላስቲክ ዙሪያውን በፕላስተር ለጥፌ ባሳድር ውሃው የተጠራቀመው ከላስቲኩ በላይ፣ በክፍሉ በኩል ነበር፤ ስለዚህ ጥፋቱ የቅቡ ሳይሆን በቀዝቃዛው ግድግዳ ላይ ያረፈው የትንፋሻችን እንፋሎት ነው። መስኮቱን ጠዋት ጠዋት መክፈት በቃው።

ከሁሉ የሚያሳስበኝ ሌላ ነው። ቅቡ ውሃውን አገደው እንጂ ከግድግዳው ጀርባ አላስወገደውም፤ የተከለከለው ውሃ ወደ ጎን ተጉዞ፣ ቅቡ ከሚያበቃበት ማዕዘን ወዲያ፣ ቀድሞ ደረቅ በነበረው የሳሎን ግድግዳ ላይ ነጩን ዱቄት ማውጣት ጀምሯል። ኮምቦልቻ ሜዳ ላይ ያለው የወንድሜ ብሎኬት ቤት ከውጭ ተቀብቶ ይህ አልገጠመውም፤ የሚመታው ዝናብ እንጂ የሚገፋው አፈር የለበትምና። እኛ ግን መጀመሪያ ከጀርባ ቆፍረን፣ ጠጠርና የተበሳ ቱቦ ቀብረን ውሃውን ወደ ቦዩ ማውረድ ነበረብን። ቁፋሮውን ለመጪው ግንቦት ይዘነዋል፤ እስከዚያ የሳሎኑን ግድግዳ አልነካውም።