«ዘ ቺት» ወይስ «ሰንራይዝ»?

ዛሬ ማታ አንድ ድምፅ አልባ ፊልም ልታዩ ብታስቡ፣ እኔ ሁለት አሉኝ። ሁለቱም ስለ ትዳር ክህደት ናቸው።

«ዘ ቺት» እ.ኤ.አ. በ1915 የተሠራ የሴሲል ደሚል ፊልም ነው። ሚስት የቀይ መስቀልን 10,000 ዶላር አክሲዮን ላይ ታከስራለች። ከባሏ ደብቃ ከሀብታም እስያዊ ነጋዴ ትበደራለች። ገንዘቡን ልመልስ ስትል ሰውየው እንደ ከብት ትከሻዋ ላይ በጋለ ብረት ማኅተም ያትምባታል። ፊልሙ አንድ ሰዓት ገደማ ነው፣ ይሮጣል። እስያዊውን አውሬ አድርጎ መሳሉ ግን ይጎረብጣል። የሚገርመው፣ ከሁሉም የበለጠው ተዋናይ ያው «አውሬው»፣ ሴሹ ሃያካዋ ነው። ሌሎቹ እጃቸውን ሲያወናጭፉ እሱ ቅንድቡን እንኳ አያነቃንቅም።

የሙርናው «ሰንራይዝ» (1927) ቀስ ይላል። ገበሬው ከከተማ በመጣች ሴት ልቡ ይጠፋል፤ ሚስቱን ሐይቅ ውስጥ ሊያሰጥማት በጀልባ ይዟት ይሄዳል። መሃል ላይ ሲደርሱ ከመቀመጫው ይነሳል። ትከሻው ጎብጧል፣ እጆቹ ተንጠልጥለዋል። እሷ መጀመሪያ አይገባትም። ከዚያ ይገባታል። ሚስቲቱን የምትጫወተውን የጃኔት ጌይነርን ፊት እዚህ ጋ ያየ ሰው፣ ፊልሙ ለምን የመጀመሪያውን የምርጥ ተዋናይት ኦስካር ካሸነፈችባቸው ፊልሞች አንዱ እንደሆነ አይጠይቅም።

ባልና ሚስቱ ከተማ የሚሄዱበት ክፍል ይረዝማል (የሰከረች አሳማ ማሳደድ ምን የሚሉት ነው?)። ቢሆንም እኔ ሁለተኛውን እመርጣለሁ።