ፍሊፐር ዜሮ ወይስ የዋይፋይ አዳፕተር?

ደብረ ማርቆስ ኮምፒውተር ስለምጠግን «ፍሊፐር ዜሮ ላስመጣ?» የሚለኝ ሰው አይጠፋም። ፍሊፐር ዜሮ የበር ካርድና የሪሞት ምልክት የሚያነብ፣ በእጅ የሚያዝ ትንሽ መሣሪያ ነው። የጎረቤቱን ፓስወርድ የፈለገ ሰው ይህን ባያነብ ይሻላል። የምጽፈው የራሱን ካፌ ወይም ቢሮ ዋይፋይ መፈተሽ ለፈለገ ነው።

ለዋይፋይ ከሆነ ፍሊፐርን አትግዙ። ለበር ካርድና ለሪሞት ጎበዝ ነው፤ ዋይፋይ ግን አብሮት አይመጣም። የአምራቹ የዋይፋይ ቦርድ ለብቻው ይገዛል፤ እሱም ዋይፋይ ከሚሠራባቸው ሞገዶች የሚያየው 2.4 ጊጋኸርዝን ብቻ ነው። ዋጋው 169 ዶላር ነበር፤ በኋላ 199 ገባ። ቦርዱን፣ የአምጪውን ድርሻና ቀረጡን ደምሩበት። በዚያ ገንዘብ ያገለገለ ላፕቶፕ ተገዝቶ ሊኑክስ (ነፃ የኮምፒውተር ሥርዓት) ይጫንበታል።

የእኔ ምርጫ ላፕቶፕና ኤአር 9271 ቺፕ ያለው የዩኤስቢ አዳፕተር ነው። 5 ጊጋኸርዝም የሚፈልግ ኤምቲ 7612 ዩ ቺፕ ያለውን ይያዝ፤ ዋጋው ግን ከፍ ይላል።

አዳፕተር ላይ ተቃጥያለሁ። በ3,200 ብር የገዛሁት ካርቶኑ ላይ ኤአር 9271 ይላል። ሞኒተር ሞድ፣ ማለትም በአየር ላይ የሚያልፈውን የዋይፋይ ምልክት ሁሉ ማዳመጫው፣ እምቢ አለኝ። ያለሱ ፍተሻ የለም። ድራይቨር ስፈልግ ሁለት ሌሊት አደርኩ። ስፈታው ቺፑ ሌላ ነው፤ ከሁለቱ አንቴናዎች አንዱ ከቦርዱ ጋር አልተበየደም። ሻጩ «ከፍተኸዋል» ብሎ አልመልስም አለኝ።

ሕጉ ለሁለቱም አንድ ነው። በኮምፒውተር ወንጀል አዋጅ ቁጥር 958/2008 መሠረት ያለፈቃድ የሰው ኔትወርክ ውስጥ መግባት እስከ 3 ዓመት ቀላል እስራት ወይም ከ30,000 እስከ 50,000 ብር መቀጮ፣ ወይም ሁለቱንም ያስከትላል። «ልሞክር ብዬ ነው» ማለት ፈቃድ አይሆንም።

ፈቃድም ወሰን አለው። አንድ ጋሼ የእንግዳ ማረፊያቸውን ፈትሽልኝ አሉኝ። ስልክና ኮምፒውተሮችን ከዋይፋዩ የሚያላቅቀውን የማቋረጥ ሙከራ የትኛው ኔትወርክ ላይ እንደሆነ ሳልለይ ስለቀው የጎን ሱቁም መስመር ተቋረጠ። ባለሱቁ ግን አልፈቀደልኝም። አፍሬ ይቅርታ ጠየቅሁት። ከዚያ ወዲህ የኔትወርኩ ስም፣ ቀኑና ሰዓቱ ተጽፎ ካልተፈረመ ላፕቶፔን አልከፍትም። ዋይፋዩ በደብሊውፒኤ 3 (አዲሱ የዋይፋይ ጥበቃ) ብቻ የሚሠራ ከሆነ ደግሞ የማቋረጥ ሙከራውን አይሰማም፤ በፍሊፐርም ሞክሩት በአዳፕተር ለውጥ የለውም።

አዳፕተር ስትገዙ ላፕቶፓችሁን ይዛችሁ ሂዱ። ሰክታችሁ ሊኑክሱ ላይ ኤልኤስዩኤስቢ (lsusb) የሚለውን ትእዛዝ ጻፉ፤ የተሰካውን ይዘረዝራል፤ የቺፑን ስም አይታችሁ፣ ሞኒተር ሞድ መግባቱን አረጋግጣችሁ ክፈሉ። ሻጩ መሰካት ከከለከለ ወደ ሌላ ሱቅ እለፉ።