የስኩተር ፔግ ከወራት አጠቃቀም በኋላ፦ የግራው ለምን ብቻውን ይላላል?

ፔግ ከስኩተር ጎማ ጎን በጎማው ብሎን የሚታሰር አጭር ቱቦ ነው፤ በእሱ ጠርዝ ወይም ሬይል (የብረት ዘንግ) ላይ መንሸራተት ግራይንድ ይባላል። አራቱንም ፔጎች በአንድ ቁልፍና በእኩል ጉልበት አጥብቃችሁ ጠርዝና ሬይል ላይ ግራይንድ ስሩባቸው። የቀኞቹ እንደጠበቁ ይቆያሉ። የግራዎቹ ግን ጨብጣችሁ ብትጠመዝዟቸው መዞር ይጀምራሉ። ለወራት የተጠቀምኩበት የናይሎን ፔግ፣ ርዝመቱ 55 ሚ.ሜ.፣ ውፍረቱ 38 ሚ.ሜ.፣ ትልቁ ጣጣው ይኸው ነው። ስለ ሌላው ነገሩ ብዙ የምለው የለኝም፤ መንሸራተቱን ይንሸራተታል፣ ክብደቱ አይሰማም። ለዚህ ነው ጽሑፉ በአብዛኛው ስለ ግራው ፔግ የሆነው።

ሻጩን ብትጠይቁት "በደንብ ስላላጠበቃችሁት ነው" ይላችኋል። መልሱ ግን ልክ አይደለም፤ እንዲያውም ነገሩን ያባብሰዋል። ስኩተሩ ወደ ፊት እየሄደ ፔጉ ጠርዝ ላይ ሲፋተግ፣ ጠርዙ የፔጉን ሆድ ወደ ኋላ ይጎትተዋል። በቀኝ በኩል ቆሞ ለሚያይ ሰው ይህ ጉተታ ፔጉን በሰዓት አቅጣጫ ያዞረዋል፤ ብሎን የሚጠብቀውም በዚያው አቅጣጫ ነው። በግራ በኩል ቆሞ ለሚያይ ግን ያው ጉተታ ፔጉን ከሰዓት አቅጣጫ በተቃራኒ ያዞረዋል፤ ያ ደግሞ የመፍቻው አቅጣጫ ነው። ብሎኑን ገልብጣችሁ ዳዶውን ወደ ግራ ብታመጡትም ለውጥ የለውም፣ ዳዶም የሚፈታው በዚያው አቅጣጫ ነው። ነገሩ የሚገለበጠው ወደ ኋላ እየሄዱ ግራይንድ ሲሠሩ ብቻ ነው፤ ያን ጊዜ የሚላላው የቀኙ ይሆናል። አብዛኛው ሰው ግን አብዛኛውን ጊዜ የሚሄደው ወደ ፊት ስለሆነ ጣጣው የግራው ድርሻ ነው። በግራ ጎኑ ብቻ ግራይንድ ለሚሠራ ሰው ይህ ትንሽ ጉዳይ አይደለም።

"ጨምራችሁ አጥብቁት" የሚለው ምክር ለምን እንደማይሠራ ለማወቅ ፔጉን የያዘው ምን እንደሆነ ማየት ይበቃል። ፔጉን እንዳይዞር የሚይዘው ጥርስ ወይም ቁልፍ የለም፤ ብሎኑ ሲጠብቅ ተለጥጦ የፔጉን ወለል (ብሎኑ የሚያልፍበትን የውስጥ ጫፉን) ከፎርኩ (ጎማውን ከግራና ከቀኝ ከያዘው ሹካ) ጋር ያጣብቀዋል፣ የሚይዘው ያ ፍትጊያ ብቻ ነው። ባለ 8 ሚ.ሜ. ብሎን ለፔግ በሚያስፈልገው ርዝመት በደንብ ሲጠብቅ የሚለጠጠው ከሚሊሜትር አንድ አሥረኛ ያህል ነው። ናይሎን ደግሞ በጫና ሥር ቀስ እያለ የሚሸሽ ነገር ነው። የፔጉ ወለል ያችን አንድ አሥረኛ ሚሊሜትር ካሳሳ የብሎኑ ውጥረት በሙሉ አለቀ ማለት ነው፤ ዳዶው ቅንጣት ሳይዞር ፔጉ ልል ሆነ። ከዚያ በኋላ የጠርዙ ጉተታ የቀረውን ይጨርሰዋል። ባጠበቃችሁት ቁጥር ናይሎኑ ይበልጥ ይሸሻል። እርጥበት ሲጠጣ ደግሞ ስለሚለሰልስ፣ በዝናብ ወራት መላላቱ ቢብስ አይግረማችሁ።

የጥንካሬ ደረጃው 8.8 ለሆነ ብሎን የሚሰጠው 25 ኒውተን ሜትር ገደማ የሆነ ማጥበቂያ ብረት በብረት ላይ ሲሆን ነው። የናይሎን ወለል ላይ በዚያ ልክ ብታጠብቁ የብሎኑ ራስ ፕላስቲኩ ውስጥ ይሰምጣል። እኔ 12 ላይ አቆማለሁ።

መፍትሔው ያለው ሮንዴላው ላይ ነው። ከፔጉ ጋር የመጣው ሮንዴላ ጠባብ ስለሆነ አውጥታችሁ ጣሉት። በምትኩ የውጭ ስፋቱ 24 ሚ.ሜ.፣ ውፍረቱ 2 ሚ.ሜ. የሆነ ሰፊ የብረት ሮንዴላ ከብሎኑ ራስ ሥር አስገቡ። የብሎኑ ራስ ስፋት 13 ሚ.ሜ. ነው፤ ጫናው በሰፊው ሮንዴላ ላይ ሲያርፍ ከአምስት እጥፍ በላይ በሆነ ስፋት ይከፋፈላል፣ ናይሎኑም የሚሸሽበት ምክንያት ይቀንሳል። ሮንዴላው ፔጉ ውስጥ ተኝቶ መቀመጥ አለበት። የፔጉ ቀዳዳ ጠብቦት ጠርዙ ከተንጠለጠለ ሮንዴላውን በሞረድ አሳንሱት እንጂ እንደዚያ አታጥብቁት።

ሁለተኛው ዘዴ ብዙ ሰው የሚሠራውን ተቃራኒ ነው። ግሪስ መቀባት ያለበት በሮንዴላውና በብሎኑ ራስ መካከል ብቻ ነው፤ ጣት የነካችው ያህል ይበቃል። ፔጉ ከፎርኩ ጋር የሚገናኝበት ፊት ግን ከግሪስ፣ ከሰምና ከአቧራ ፍጹም የጸዳ ይሁን፤ የፔጉን ፊት በሻካራ የአሸዋ ወረቀት ትንሽ ብታሻክሩት ደግሞ የተሻለ ነው። እንዲህ ሲሆን ጠርዙ ፔጉን ቢያንቀሳቅሰው እንኳ ፔጉ ከነሮንዴላው በብሎኑ ራስ ሥር ይንሸራተታል፤ የብሎኑን ራስ ይዞ አይሄድም። ሁለቱን አንድ ላይ ካደረግሁ ወዲህ የግራው ፔግ ከቀኙ ብዙም አይለይም።

ናይሎን በብዛት የሚሸሸው መጀመሪያ ላይ ነው፣ ከዚያ እየቀነሰ ይሄዳል። ስለዚህ ገጥማችሁ አንድ ሌሊት አሳድሩት፤ በማግስቱ ከመንዳታችሁ በፊት እንደገና ወደ 12 መልሱት። ከመጀመሪያው ግራይንድ በኋላም አንድ ጊዜ ድገሙት። ይህን የሚያህል ቀላል ነገር መመሪያው ላይ አለመጻፉ ያናድዳል።

ዳዶው ናይሎን ቀለበት ያለው መሆን አለበት፤ ከቀለበቱ ወዲያም የብሎኑ ጥርስ ሁለት ያህል መውጣት አለበት። ዳዶውን በእጃችሁ እስከ ጫፉ ማዞር ከቻላችሁ ቀለበቱ አልቋል፤ ቀይሩት። ሰማያዊ ሎክታይት (የብሎን ጥርስ ማጣበቂያ) የምትጠቀሙ ከሆነ ብረቱ ጥርስ ላይ ብቻ አንድ ጠብታ አድርጉና የፈሰሰውን ጥረጉ፤ አንዳንድ ፕላስቲኮችን ስለሚሰነጥቅ ፔጉ ላይ መንጠባጠብ የለበትም። ዳዶው ፔጉ ውስጥ ጠልቆ ስለሚቀመጥ 13 ቁጥር ረጅም ቡሶላ ከነማራዘሚያው ያስፈልጋል። የቡሶላው የውጭ ስፋት ከፔጉ ቀዳዳ እንዳይበልጥ ቀድማችሁ ለኩ። ከሌላው ወገን ክብ ራስ ላለው ብሎን ባለ 6 ሚ.ሜ. አለን ቁልፍ ነው የሚገባው።

"ለሁሉም ስኩተር ይሆናል" የሚለውን የሻጭ ቃል አትመኑ። ፔጉ ሊሆን ይችላል፤ ብሎኑ ግን አይሆንም። ርዝመቱን ራሳችሁ አስሉት። የፎርኩ የውጭ ስፋት 42 ሚ.ሜ. ቢሆን፣ የሁለቱ ፔጎች ወለል እያንዳንዱ 10 ሚ.ሜ.፣ ሁለት ሮንዴላ 4 ሚ.ሜ.፣ ዳዶው 8 ሚ.ሜ.፣ የሚወጣው ጥርስ 2.5 ሚ.ሜ. ነው፤ ድምሩ 76.5 ይመጣል፣ ስለዚህ የ80 ብሎን ትገዛላችሁ። በአንድ ጎን ብቻ ፔግ ለምታደርጉ የአንዱ ወለል ይቀነስና 66.5 ይሆናል፤ የ70 ይበቃል። የኋላው ዴክ (የሚቆምበት ሰሌዳ) ከፎርኩ ሊሰፋ ስለሚችል ለብቻው ይለካ። ፍሬኑ በዚያው ብሎን የሚታሰር ከሆነ የፍሬኑንም ቆርቆሮ ውፍረት ደምሩበት።

ብሎኑ ከራሱ ጀምሮ ለስላሳ አንገት ያለውና ጥርሱ መጨረሻው ላይ ብቻ የተቆረጠ ይሁን። ሙሉ በሙሉ ጥርስ የሆነ ብሎን ኩሽኔታው ውስጥ ይንቀጫቀጫል። ከዚያም በላይ ጥርሱ ሥር የቀረው ውፍረት 6.5 ሚ.ሜ. ገደማ ብቻ ስለሆነ፣ ለመታጠፍ ያለው ብርታት ከለስላሳው አንገት ግማሽ ያህል ነው። ፔግ ክብደታችሁን ከፎርኩ ውጭ ባለ ክንድ ላይ የሚያሳርፍ ነገር ነው፤ ጫናው የሚበረታው በትክክል ፔጉ ከፎርኩ ጋር በሚገናኝበት ቦታ ላይ ነው። ለስላሳው አንገት እዚያ ላይ እንዲውል የብሎኑን ራስ ብዙ ግራይንድ በምትሠሩበት ጎን አድርጉት። ከ12.9 ይልቅ 8.8 የተጻፈበትን እመርጣለሁ፤ 12.9 ቢጠነክርም ሲሸነፍ ሊሰበር ይችላል፣ 8.8 ግን መጀመሪያ ይታጠፋል። የታጠፈ መሆኑን ለማወቅ አውጥታችሁ መስታወት ላይ አንከባሉት፤ ከተወላገደ በአዲስ ይተካ፣ አይቀና።

ሲጠብቅ ጎማው መዞር ካቆመ ጥፋቱ የፔጉ አይደለም፣ አላላልቶ መንዳትም መልስ አይሆንም። ስፋቱ 24 ሚ.ሜ. በሆነ ጎማ ውስጥ እያንዳንዳቸው 7 ሚ.ሜ. ውፍረት ያላቸው ሁለት ኩሽኔታዎች ስላሉ በመካከላቸው 10 ሚ.ሜ. ስፔሰር (አራርቆ የሚይዝ ቱቦ) መኖር አለበት። ስፔሰሩ ከጎደለ ወይም ካጠረ ብሎኑ ኩሽኔታዎቹን ከጎን ይጫናቸውና ያንቃቸዋል። ጎማውን አውጥታችሁ ጣታችሁን አስገቡ፤ በኩሽኔታዎቹ መካከል የላላ ቱቦ ወይም ባዶ ቦታ ከተሰማችሁ ምክንያቱን አገኛችሁት። በፎርኩና በኩሽኔታው መካከል ያሉት ትንንሾቹ ስፔሰሮችም የሚነኩት የኩሽኔታውን የውስጥ ቀለበት ብቻ መሆን አለበት።

ከመግዛት በፊት መታየት ያለበት ሌላም ነገር አለ። የፎርኩ እግር ከአክስሉ (ከጎማው ብሎን) ቀዳዳ በላይ ወደ ውጭ የሚሰፋ ከሆነ፣ ባለ 38 ሚ.ሜ. ፔግ ጠርዙ እዚያ ያርፍና ወለሉ ፎርኩን በሙሉ አይነካም። እንዲህ ሆኖ የተገጠመ ፔግ መላላት ብቻ ሳይሆን ብሎኑንም ያጣምማል። በፔጉና በፎርኩ መካከል ወረቀት አስገብታችሁ ዙሪያውን ፈትሹ። በአንድ በኩል የሚገባ ከሆነ ቀጠን ያለ ፔግ ፈልጉ፣ ወይም 2 ሚ.ሜ. የብረት ሮንዴላ መካከሉ ላይ ጨምሩና የብሎኑን ርዝመት እንደገና አስሉ። አንዱ ቀዳዳው ራሱ ጥርስ ያለው ፎርክ ካላችሁ ደግሞ በዚያ ጎን ፔግ አትግጠሙ።

መበላቱን በተመለከተ ቅሬታ የለኝም። ናይሎኑ የሚበላው ከሥሩ ነው፣ ጠፍጣፋ ፊት ያወጣል። ያን ጊዜ ብሎኑን አላልታችሁ ፔጉን ሩብ ዙር አዙሩት፤ አንዱ ፔግ አራት ፊት ይሰጣችኋል። ሲሚንቶ ጠርዝ ላይ ናይሎን ከአሉሚኒየም የበለጠ ይንሸራተታል፤ አሉሚኒየም ሻካራ ሲሚንቶ ላይ ይነክሳል፣ ጠርዙንም ይቦረቡራል፣ የብረት ፔግ የሚከለክሉ የስኬት ሜዳዎችም አሉ።

በግዢው አልቆጭም። ይህን የምለው ግን በሌላ ሮንዴላና በሌላ ብሎን ስለተካሁት ነው፤ ከሳጥኑ እንደወጣ ቢሆን ኖሮ አታምጡት እል ነበር። ሙሉ ፕላስቲክ ፔግ ሁለተኛ አልገዛም። ሻጩ ስለ ቀለሙና ስለ ቅለቱ ሲያወራ እናንተ ጣታችሁን ፔጉ ውስጥ አስገብታችሁ ወለሉን ዳስሱ። ወለሉን ከውስጥ እስከ ፎርኩን የሚነካው ፊት ድረስ የሚያልፍ የብረት ወይም የአሉሚኒየም ቱቦ ካለበት ብሎኑ የሚጫነው ብረትን ነው፣ ናይሎኑ የሚሸሽበት መንገድ የለውም፣ ያን ጊዜ ከ12 በላይም ማጥበቅ ትችላላችሁ። ቱቦው ከናይሎኑ ወለል ጋር እኩል መሆኑን ወይም ጥቂት ከፍ ማለቱን ግን በጥፍራችሁ ፈትሹ። ዝቅ ካለ መጀመሪያ የሚጨመቀው አሁንም ናይሎኑ ነው።