ቪኤስ ኮድና የተረከብናቸው የአማርኛ ፋይሎች፦ ከደሴ የተጻፈ ግምገማ

ደሴ ውስጥ ለጅምላ ሻጮችና ለፋርማሲዎች የዕቃና የዱቤ መመዝገቢያ ፕሮግራም እየሠራሁ ነው የምተዳደረው። ብዙውን ጊዜ ሥራዬ ከዜሮ አይጀምርም። አንዱ የጻፈውን፣ ሌላው የነካካውን ኮድ ተረክቤ ነው የማቃናው። ስለዚህ ኤዲተር፣ ማለትም ኮድ የሚጻፍበትን ፕሮግራም፣ ስመርጥ ቀለሙና ጌጡ ብዙም አያስጨንቀኝም። ፋይሉ ውስጥ በእውነት ያለውን ነገር ያሳየኛል ወይስ ይደብቅብኛል? ጥያቄዬ ይሄ ነው።

ማይክሮሶፍት እ.ኤ.አ. በ2015 ይፋ ያደረገው ቪኤስ ኮድ የተባለው ኤዲተር በዚህ በኩል ጎበዝ ነው። በነፃ ነው የሚወርደው። ለምን ጎበዝ እንዳልኩት አንድ ሥራ ልንገራችሁ።

ሰኞ ገበያ ያሉ አንድ ነጋዴ ፒኤችፒ በሚባለው የድረ ገጽ ፕሮግራም ቋንቋ የተጻፈ የዱቤ መዝገብ አላቸው። ሱቃቸው ኮምፒውተር ላይ እንደ ልብ ይሠራል። ሰርቨር ላይ ሲጫን ግን መግቢያ ገጹ አላስገባም አለ። ስህተቱ «ሄደርስ ኦልሬዲ ሴንት» (የገጹ ራስጌ አስቀድሞ ተልኳል) ይላል፤ ጥፋቱ ያለውም የኮንፊግ (የቅንብር) ፋይሉ አንደኛ መስመር ላይ ነው ይላል። መስመሩን ብታዩት ንጹሕ ነው። ክፍት ቦታ የለ፣ ትርፍ ፊደል የለ። ከእኔ በፊት የመጣ ባለሙያ ዳታቤዙን ሁሉ አፍርሶ እንደገና ጭኖት ነበር፤ ምንም አልተቀየረም።

ፋይሉን በቪኤስ ኮድ ስከፍተው ከታች በስተቀኝ ያለችው ቀጭን መስመር «ዩቲኤፍ-8 ዊዝ ቦም» ትላለች። ይኸው ነው ነገሩ። ዩቲኤፍ-8 ኢንኮዲንግ ነው፤ ፊደል ፋይል ውስጥ በባይት የሚቀመጥበት ስልት ማለት ነው። ቦም ማለት ፋይሉ መጀመሪያ ላይ የሚቀመጥ፣ በዓይን የማይታይ የሦስት ባይት ምልክት ነው። የድሮው የዊንዶውስ ኖትፓድ ፋይልን በዩቲኤፍ-8 ሲያስቀምጥ ሳይጠይቅ ይጨምረዋል። አንድ ሰው የሱቁን ስም በአማርኛ ለማስተካከል ፋይሉን በኖትፓድ ከፍቶ ሴቭ አድርጎታል። ፒኤችፒ ደግሞ እነዚያን ሦስት ባይቶች እንደ ጽሑፍ ቆጥሮ ወደ ብሮውዘሩ ይልካቸዋል። ጽሑፍ አንዴ ከወጣ በኋላ ኩኪ፣ ማለትም የገባውን ሰው ማስታወሻ፣ መላክ አይቻልም፤ ኩኪ ከሌለ ሎግኢን የለም። ሱቁ ላይ ለምን ሠራ ካላችሁ፣ እዚያ «አውትፑት በፈሪንግ» የሚባለው ቅንብር ክፍት ስለነበር ነው። ውጤቱን ቶሎ ሳይለቅ ያዝ አድርጎ ስለሚያቆየው ችግሩ ተሸፍኖ ቀረ። ሰርቨሩ ላይ ዝግ ነበር።

ያቺን ከታች ያለችውን ጽሑፍ ተጫንኳት፤ «ሴቭ ዊዝ ኢንኮዲንግ»፣ ከዚያ «ዩቲኤፍ-8»። ፋይሉን መልሼ ሰቀልኩት፤ ገባ።

«በቃ? ይቺው ናት?» አሉኝ ባለቤቱ።

«ይቺው ናት ጋሼ።»

«አልሐምዱሊላህ። ያ ልጅ ታዲያ ሁለት ቀን ሙሉ ምን ሲፈልግ ነበር?»

ያን ልጅ አልፈርድበትም። የሚሠራበት ኤዲተር ያቺን ጽሑፍ ካላሳየው ከየት ያምጣት?

እዚያችው ቦታ ላይ «ሪኦፕን ዊዝ ኢንኮዲንግ» የሚል ሌላ ምርጫም አለ። ፋይሉን ሳይነካ በሌላ ኢንኮዲንግ አንብቦ ያሳያል። አማርኛችሁ ተበላሽቶ ሲመጣ መጀመሪያ መሞከር ያለበት እሱ ነው። ከዚያ በፊት ግን የብልሽቱን መልክ እዩ፤ መልኩ ብዙ ይናገራል። በየፊደሉ ቦታ ባዶ ሳጥን ከሆነ ፋይሉ ደህና ነው፣ የጎደለው ፎንት ነው። ራሷ ላይ ጭረት ያለባት ትንሿ የላቲን «ኤ» በየሁለት በየሦስት ምልክቱ እየተደጋገመች ከመጣች ደግሞ፣ የዩቲኤፍ-8 ፋይል በምዕራብ አውሮፓ ኢንኮዲንግ ተከፍቷል ማለት ነው። የእኛ ፊደል በዩቲኤፍ-8 ሦስት ሦስት ባይት ይይዛል፤ የመጀመሪያው ባይት ለሁሉም አንድ ዓይነት ስለሆነ ነው ያቺ ምልክት የምትደጋገመው። ሴቭ ሳታደርጉ በትክክለኛው ዳግም ከከፈታችሁት ይመለሳል። ተራ የጥያቄ ምልክት ተደርድሮ ካያችሁ ግን ፊደሉ ሴቭ ሲደረግ ጠፍቷል። ከባክአፕ በቀር የሚያወጣው ነገር የለም፤ ጊዜያችሁን አታባክኑ።

ሌላም አለ። በድሮዎቹ የፓወር ግዕዝና የቪዥዋል ግዕዝ ፎንቶች የተጻፈ ነገር የትኛውም ኢንኮዲንግ አይፈታውም። ፋይሉ ውስጥ ያለው የላቲን ኮድ ነው፤ አማርኛ ያስመሰለው ፎንቱ ነው። የዓለም ፊደላት የጋራ መለያ ቁጥር በሚያገኙበት ዩኒኮድ ውስጥ ፊደላችን የገባው እ.ኤ.አ. በ1999 ቢሆንም የእነዚያ ፎንቶች ጽሑፍ ዛሬም በየቢሮው አለ። እሱን ወደ ዩኒኮድ የሚቀይር መሣሪያ ፈልጉ፤ ኤዲተሩን አትውቀሱት።

የመስመር መጨረሻ የማይታይ ምልክትም ዓይነቱ እዚያው ታች ይታያል፤ «ሲአርኤልኤፍ» ከሆነ የዊንዶውስ፣ «ኤልኤፍ» ከሆነ የሊኑክስ። ዊንዶውስ ላይ የጻፋችሁት የሼል ስክሪፕት (የትእዛዞች ፋይል) ሊኑክስ ሰርቨር ላይ አልነሳም ካለ መጀመሪያ እሷን ተጫኑና ቀይሩ።

ወደ ፍለጋው ልምጣ፤ እኔ በጣም የወደድኩት እሱን ነው። የእኚሁ ነጋዴ ደንበኞች ከኮምቦልቻ፣ ከባቲ፣ ከሐይቅ ናቸው። የከተሞቹ ስም በየፋይሉ ተጽፏል፤ ሐይቅን ግን አንዱ በ«ሐ»፣ አንዱ በ«ሀ»፣ ሌላው በ«ኀ» ጽፏታል። ሪፖርቱ ላይ ሦስት ከተማ ሆና ትወጣለች፤ የሐይቅ ዱቤም ሦስት ቦታ ተከፋፍሎ ይደመራል። ተራ ፍለጋ የሚያገኘው የጻፋችሁትን ፊደል ብቻ ነው። ቪኤስ ኮድ ላይ ግን የፍለጋ ሳጥኑ ጫፍ ያለችውን የሬጌክስ (በንድፍ የመፈለጊያ) ምልክት ከፍታችሁ [ሀሐኀ]ይቅ ብላችሁ ብትጽፉ ሦስቱንም ከሁሉም ፋይል ለቅሞ ያመጣል። አንድ በአንድ አይታችሁ ወደ አንድ አጻጻፍ ትቀይራላችሁ። በ«ሰ» እና «ሠ»፣ በ«አ» እና «ዐ»፣ በ«ጸ» እና «ፀ» ለሚምታታ ስም ሁሉ ይሠራል። ለደንበኛ ስም ብቻ ተጠንቀቁ፤ ሰው ስሙን የሚጽፍበት ፊደል የራሱ ነው።

መብራት ድርግም ሲልም አይከዳም። ሴቭ ያላደረጋችሁትን ሥራ ለብቻው እየያዘ ስለሚሄድ፣ መልሳችሁ ስትከፍቱት ብዙውን ጊዜ እንደነበረ ታገኙታላችሁ። ይሄ ለእኛ ትልቅ ነገር ነው።

ቅር ያለኝም አለ። አንደኛ፣ ሲጫን እንደመጣ ከተዋችሁት ኢንኮዲንግ አይገምትም፤ ቦም ከሌለው ብዙውን ፋይል ዩቲኤፍ-8 ነው ብሎ ይከፍታል። ካልሆነ ጥቁር አልማዝ ውስጥ የጥያቄ ምልክት ያሳያል። ያንን አይታችሁ ሴቭ ብትሉ ጥፋቱ ፋይሉ ውስጥ ይገባል፤ ሆኖም ጮክ ብሎ አያስጠነቅቅም። ይህን ቢያስተካክሉት ደስ ይለኛል። ሁለተኛ፣ ፊደላችን ከላቲኑ ስለሚሰፋ ኮድና አማርኛ ሲደባለቁ ዓምዱ ይዛነፋል። ፎንት ቅንብሩ ላይ ከኮንሶላስ ቀጥሎ ኒያላን ብትጨምሩ ፊደሉ ያምራል፤ መዛነፉ ግን አይጠፋም። ሦስተኛ፣ ከባድ ነው። አራት ጊጋ ራም ባለው ማሽን ላይ ብሮውዘር ከፍታችሁ ከሠራችሁበት ይንቀራፈፋል። ዊንዶውስ 7 ከሆነማ ከ1.70.3 ወዲህ ያለው አይሄድላችሁም።

ለእንደዚህ ዓይነቱ ማሽን ኖትፓድ++ን ነው የምመርጠው። እ.ኤ.አ. ከ2003 ጀምሮ ያለ፣ ነፃና ቀላል ፕሮግራም ነው፤ ፋይሉም ትንሽ ስለሆነ በፍላሽ ይዞ መዞር ይቻላል። ኢንኮዲንጉንና የመስመር መጨረሻውን እሱም ከታች ይጽፋል። አንድ ነገር ብቻ ልብ በሉ፦ የኢንኮዲንግ ሜኑው ላይ «ዩቲኤፍ-8» እና «ኮንቨርት ቱ ዩቲኤፍ-8» የተለያዩ ናቸው። የመጀመሪያው ፋይሉን እንደ ዩቲኤፍ-8 አንብበው ማለት ነው፤ የሚቀይረው ሁለተኛው ነው።

ለራሴ ላፕቶፕ ቪኤስ ኮድን አልቀይርም። ሰኞ ገበያ ያለው የሱቁ ኮምፒውተር ግን አሮጌ ስለሆነ ኖትፓድ++ን ጫንኩበትና የፒኤችፒ ፋይል ሲነካ በእሱ እንዲከፈት አደረግሁት። የሱቁ ልጅ ዋጋ ወይም ስም ማስተካከል ሲፈልግ ፋይሉ ከእንግዲህ በድሮው ኖትፓድ አይከፈትም።