ለወጥ ብረት ይሻላል ወይስ አሉሚኒየም?

«ብረት ድስት» የምንለው አብዛኛውን ጊዜ ብረት አይደለም፤ አሉሚኒየም ነው። ማግኔት አስጠጉበት፤ አይስበውም።

ደብረ ብርሃን ከባሕር ጠለል በላይ ወደ 2,800 ሜትር ላይ ናት። በዚህ ከፍታ ውሃ የሚፈላው በ90 ዲግሪ አካባቢ ስለሆነ ባቄላና ሥጋ ቶሎ አይበስልም። ማገዶም ከሰልም ይፈጃል። ለዚህ አሉሚኒየም ጥሩ ነው። ሙቀትን ከብረት 3 እጥፍ ያህል ያስተላልፋል፤ ክብደቱ ደግሞ ሲሶው ነው።

ዝገት ላይ ልዩነታቸው ይገርመኛል። የብረት ዝገት ይረግፋል፣ ከሥሩ ያለውም እንደገና ይዝጋል። አሉሚኒየም ግን አየር እንደነካው ስስ ኦክሳይድ ይለብሳል፤ ያ ልባስ ውስጡን ይጠብቀዋል። ጎምዛዛ ነገር ግን ልባሱን ይበላዋል። ቲማቲም የበዛበት ወጥ አታሳድሩበት።

ለቁሌት እኔ ወፍራሙን ብረት እመርጣለሁ። ለመሞቅ ይዘገያል፤ ከሞቀ በኋላ ግን ሙቀቱን ይይዛል። ሽንኩርቱ ቀስ እያለ ይቀላል፣ በርበሬው ሲጨመርም ድስቱ ቶሎ አይቀዘቅዝም። ካጠባችሁት በኋላ እሳት ላይ አድርቁትና ዘይት ቀቡት።