ቱታ ወይስ የድንች የእሳት እራት?

የቲማቲም ቅጠል ላይ ያረፈች ትንሽ ግራጫ የእሳት እራት ስታዩ "ቱታ ናት"፣ ማለትም ያቺ የታወቀችው የቲማቲም ተባይ ናት ለማለት አትቸኩሉ። የድንች ተባይ የሆነችው የእሳት እራትም (የድንች እራት) ቁርጥ እሷን ትመስላለች። ቲማቲምም አይቀራትም።

በመጠን የድንቿ ትበልጣለች፤ ክንፏ ሲዘረጋ ከ12 እስከ 16 ሚሊ ሜትር ይሆናል። ቱታ 10 ሚሊ ሜትር ገደማ ናት። መልኳ ብርማ ግራጫ ሆኖ ጥቋቁር ነጠብጣብ አለበት፤ አንቴናዋ ላይ ፈዛዛና ጥቁር ቀለም ይፈራረቃሉ። የድንቿ ወደ ቡናማ ታደላለች። ሴቷ ክንፏን ስትከድን ጀርባዋ ላይ የመስቀለኛ ምልክት ይታያል። ችግሩ፣ የክንፉ ቅርፊት እንደ ዱቄት ይረግፋል። ያረጀች እራት ላይ ምልክቱ ሁሉ ድራሹ ይጠፋል።

እኔን ብትጠይቁኝ ትሏን ማየት ይሻላል። ከጭንቅላቷ ቀጥሎ ያለውን ክፍል በአጉሊ መነጽር ተመልከቱ። የቱታ ትል እዚያ ላይ ቀጭን ጥቁር መስመር ብቻ አላት፤ የድንቿ ግን ሙሉውን ጠቆር ያለ ነው። ቁርጡን ለማወቅ የጎልማሳዋ የመራቢያ አካል በማይክሮስኮፕ ይመረመራል።

ሳይንሳዊ ምደባው ደግሞ ሌላ ጣጣ ነው። ሁለቱም ጌሌኪዴ ከሚባለው ቤተሰብ ናቸው። ቱታን እንግሊዛዊው የነፍሳት ተመራማሪ ሜይሪክ እ.ኤ.አ. በ1917 ከፔሩ በተገኘ ናሙና ሲገልጻት፣ ከድንቿ ጋር ፍቶሪሜያ በሚባለው ወገን (ጂነስ) ውስጥ ነበር የመደባት። ከዚያ ስም ስትቀያይር ኖራ በ1994 ቱታ ተባለች። በ2021 የወጣ ጥናት ደግሞ ወደ ፍቶሪሜያ መልሷታል። ብዙ ሰው ግን አሁንም ቱታ ነው የሚላት።